ረዳት ተዋናይነት በሶቭየት ተረታዊ ፊልም፦ የጌኦርጊ ሚልያር የሥራ ሕይወት

የሶቭየት ኅብረትን ሲኒማ የሚመለከቱ ጽሑፎች በአብዛኛው የሚያተኩሩት በዳይሬክተሮችና በመሪ ተዋንያን ላይ ነው። ይህ አጭር ጽሑፍ በአንጻሩ ዕድሜውን በረዳት ተዋናይነት ያሳለፈውን የጌኦርጊ ሚልያርን የሥራ ሕይወት ይዳስሳል። ዓላማውም በተመልካች ዘንድ የማይዘነጋ ያደረገው ብቃት ሌላ በር እንዴት እንደዘጋበት ማሳየት ነው። ዓመታቱ በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

ሚልያር በ1903 በሞስኮ ተወለደ። አባቱ ፈረንሳዊ መሐንዲስ ሲሆኑ፣ እናቱ በኢርኩትስክ በወርቅ ማዕድን ከበለጸገ ቤተሰብ የተገኙ ነበሩ። እንዲህ ያለው የዘር ሐረግ ከአብዮቱ በኋላ የሚያስጠረጥር ስለነበር፣ ፈረንሳዊ የቤተሰብ ስሙን ቀይሮ ሚልያር ተባለ። በጥቁር ባሕር ዳርቻ በምትገኘው ጌሌንጂክ ከተማ የመድረክ ዕቃ አዘጋጅ ሆኖ ሥራ ከጀመረ በኋላ፣ በሞስኮው የአብዮት ቴአትር ሠልጥኖ እስከ 1938 ድረስ በዚያው ተውኗል።

የሕይወቱ አቅጣጫ የተለወጠው ከዳይሬክተር አሌክሳንደር ሮው ጋር በመገናኘቱ ነው። በ1938 በሮው ተረታዊ ፊልም ንጉሥ ጎሮኽን ተጫወተ፤ በቀጣዩ «ውቢቷ ቫሲሊሳ» ደግሞ ወንድ ሆኖ ሳለ የጫካዋን ጠንቋይ አሮጊት ባባ ያጋን ሆኖ ቀረበ። በጦርነቱ ዘመን ስቱዲዮው ወደ ስታሊናባድ፣ ማለትም ወደ ዛሬዋ ዱሻንቤ፣ ተዛውሮ ነበር። በዚያ ወባ ያከሳው ሰውነቱ አጽም መሰሉን «የማይሞተውን ካሽቼይን» ለመጫወት ተስማማው፤ ፊልሙም በ1945 ለሕዝብ ታየ። በ1961 ዲያብሎስን፣ በ1964 በ«ሞሮዝኮ» ዳግመኛ ባባ ያጋን ተጫውቷል።

የእነዚህ ሚናዎች ክብደት ከተረቱ አወቃቀር የሚመነጭ ነው። በተረት ውስጥ ጀግናው ደግና የማይለወጥ በመሆኑ ታሪኩን የሚያንቀሳቅሰው ክፉው ገጸ ባሕርይ ነው። ከፊልም ፊልም ወጣት መሪ ተዋንያን ሲፈራረቁ ሚልያር ግን ጸንቶ ቆየ። ክፋትን ከአስቂኝነት ጋር በማዋሐዱም ሕፃናት ባባ ያጋን እየፈሩ ይወዷት ነበር።

ይሁን እንጂ ይኸው ስኬት ወጥመድ ሆነበት። የጦር መሪውን ሱቮሮቭን የመጫወት ምኞት እንደነበረው ቢነገርም፣ ከተረት ውጭ ያገኘው በአብዛኛው የጥቂት ደቂቃ ሚና ነበር። በ1973 ሮው ሲሞት ዋናው የሥራ ምንጩ ነጠፈ። የሩሲያ ሪፐብሊክ የሕዝብ አርቲስት የሚለውን ማዕረግ ያገኘው በ1988፣ 85 ዓመት በሞላው ዓመት ነው፤ ከአምስት ዓመት በኋላም በ1993 ዐረፈ።

ስለሆነም ረዳት ተዋናይን በስም ዝርዝር ቅደም ተከተል ወይም በማዕረግ ብቻ መመዘን በቂ አይደለም። ሚናው በታሪኩ ውስጥ የሚሸከመው ተግባርና በትውልድ ትዝታ ውስጥ የሚይዘው ስፍራ አብረው ሊጠኑ ይገባል።