መረቁን አትድፉት

ዲሴምበር ሊያልቅ ሲል አትላንታ ውስጥ ወደ የትኛውም ሱፐርማርኬት ብትገቡ በር ላይ የምታገኙት አንድ ዓይነት ዕቃ ነው፤ በከረጢት የተደረደረ ብላክ አይድ ፒ፣ በእቅፍ በእቅፍ የታሰረ ጎመን፣ በጭስ የደረቀ የአሳማ እግር። በአሜሪካ ደቡብ የፈረንጆች አዲስ ዓመት ያለ ሆፒን ጆን አይከበርም። ሆፒን ጆን ብላክ አይድ ፒ ከሩዝ ጋር የሚሠራበት ምግብ ነው። አተሩ ለዕድል፣ ጎመኑ ለገንዘብ፣ አጠገቡ የሚቀርበው የበቆሎ ዳቦ ለወርቅ ይበላል ይላሉ። እኔ በምሠራበት ምግብ ቤት ግን ዓመቱን ሙሉ ይሠራል። እንጀራዬን የምበላበት ሙያ ነውና ስለ አሠራሩ የማምንበትን ልጻፍ።

አተሩን ለማታውቁት፦ ፍሬው ከአደንጓሬ አነስ ይላል፤ መልኩ ነጣ ያለ ሆኖ ወገቡ ላይ ጥቁር ነጥብ አለበት። የእኛን የሽሮ አተር አይመስልም። በአገራችን እንደ ጋምቤላና ኮንሶ ባሉ ሞቃት አካባቢዎች የሚዘራ የዚሁ ዘመድ አለ።

የሆፒን ጆን ዋና ዕቃ ሦስት ብቻ ነው፤ አተር፣ ሩዝና በጭስ የደረቀ ሥጋ። ዕቃው ሲያንስ ጉድለቱ ቶሎ ይታወቃል፤ ብዙ ቦታ የሚበላሸውም በአንድ ምክንያት ነው። አብሳዩ አተሩን ይቀቅልና ያጠልለዋል፤ ውሃውን ይደፋዋል። ሩዙን ለብቻው በቧንቧ ውሃ ይሠራል። መጨረሻ ላይ ሁለቱን ሳህን ላይ ያገናኛቸዋል። በየሠርጉና በየስብሰባው አዳራሽ ከሚቀርበው ብዙው እንዲህ ያለ ነው፤ ሩዙ ነጭ፣ አተሩ ደረቅ፣ አንዱ ከሌላው ጋር ሳይተዋወቅ የሚበላ።

ከአዲስ አበባ መጥታ አብራኝ መሥራት የጀመረች አንዲት ልጅ አተሩ መብሰሉን አይታ ማጥለያውን የዕቃ ማጠቢያው ውስጥ አስቀመጠች። «ጋሼ፣ ውሃውን ልድፋው?» አለችኝ። ጭልፋ አንስቼ ከድስቱ ቀዳሁና «መጀመሪያ ቅመሺው» አልኳት። ጭልፋውን ዘንበል ስታደርገው መረቁ ብረቱ ላይ ስስ ሽፋን እየተወ ይወርዳል። ቀለሙ ጠይም ነው። የሥጋው ቅባት ከላዩ ክብ ክብ እየሠራ ይንሳፈፋል፤ ጦስኝ ጦስኝ፣ ጭስ ጭስ ይሸታል። ቀመሰችና ትንሽ ዝም ብላ፣ «ይሄማ ወጥ ነው!» አለች። ማጥለያውን ራሷ አንስታ ሥሩ ሌላ ድስት አደረገችበት።

አተሩ ሲበስል ስታርቹን፣ ቀለሙንና ጣዕሙን ለውሃው ይሰጣል፤ ሥጋውም ጭሱንና ጨውን ያወርድበታል። ሩዝ ደግሞ የጠጣውን ይመስላል። ሩዙ ያንን መረቅ ጠጥቶ ካልበሰለ ሆፒን ጆን ተሠራ ለማለት ይቸግረኛል።

ይህ የእኔ ፈሊጥ አይደለም። የዚህ ምግብ አሠራር ታትሞ የወጣው እ.ኤ.አ. በ1847 የቻርለስተኗ ሣራ ራትሌጅ ባሳተመችው «ዘ ካሮላይና ሃውስዋይፍ» በተባለው የምግብ መጽሐፍ ውስጥ ነው። እዚያ ላይ ሁሉም ነገር በአንድ ድስት ነው የሚሠራው። አተሩ በከፊል ሲበስል ሥጋው ይገባል፤ አተሩ በደንብ ሲበስል ሩዙ በዚያው ላይ ይጨመራል፤ በመጨረሻም ድስቱ ከእሳት ወርዶ ፍም ላይ ይቀመጥና በእንፋሎቱ ይደርሳል። ውሃ የሚደፋበት ቦታ የለም። ራትሌጅ የባለርስት ወገን ነበረች፤ በዚያ ዘመን በቻርለስተን ባለጠጎች ቤት እሳት ዳር ቆመው ያበስሉ የነበሩት ግን በባርነት የተያዙ አፍሪካውያንና ልጆቻቸው ናቸው። መጽሐፉ ላይ ስማቸው የለም፤ እጃቸው ግን አለበት።

አተሩም ከእነሱ ጋር የመጣ የአፍሪካ እህል ነው። ሩዝን የመሰለ አስቸጋሪ ሰብል በሳውዝ ካሮላይናና በጆርጂያ ረግረግ ላይ ያለሙት ከሴኔጋምቢያና ከሴራሊዮን ዳርቻ የተወሰዱ ሰዎች ናቸው፤ ከእነሱም ብዙዎቹ ሩዝን በአገራቸው ያውቁት ነበር። ግድቡን ሠሩ፣ የባሕሩን ሙላት ተከትለው ውሃውን በእንጨት በር አስገቡ፣ አስወጡ። ሩዙን በሙቀጫ ወቅጠው በሰፌድ አነፈሱ። ያንን ሰፌድ የሚሰፉ የልጅ ልጆቻቸው ዛሬም ቻርለስተን ገበያ ላይ ተቀምጠው ታገኟቸዋላችሁ። ምግቡም ቢሆን እዚያው አፍሪካ ውስጥ ዘመድ አለው። ሴኔጋሎች ቼቡ ኒዬቤ ይሉታል። የጋናው ዋቼ ደግሞ አተሩና ሩዙ በአንድ ድስት ሲበስሉ የማሽላ ቅጠል ስለሚጨመርበት ይቀላል። እነዚህን ሁለቱን የሚያውቅ ሰው የሆፒን ጆን ሩዝ ለምን ነጭ መሆን እንደሌለበት ንግግር አያስፈልገውም።

ወደ ድስቱ ልመለስ። እኔ የምጀምረው ከሥጋው ነው። በጭስ የደረቀ የአሳማ እግር ወይም የቱርክ ዶሮ ክንፍ በ2 ሊትር ቀዝቃዛ ውሃ ጥጄ፣ በግማሽ ሽንኩርት፣ በሁለት ቤይ ሊፍ፣ በጥቂት ጦስኝና በአንድ ደረቅ በርበሬ ዛላ አንድ ሰዓት ተኩል ያህል በዝግታ አንተከትከዋለሁ። ሥጋው ከአጥንቱ መላቀቅ ሲጀምር 450 ግራም የተለቀመና የታጠበ አተር እጨምራለሁ። መልቀሙን አትዝለሉት፤ ከረጢቱ ላይ የታጠበ ቢልም ጠጠርና ነቀዝ የበላው ፍሬ አይጠፋበትም።

ብላክ አይድ ፒ እንደ ሽምብራ ሌሊቱን ማደር አያስፈልገውም። ገለፈቱ ስስ ስለሆነ ሳይነከር ከ45 ደቂቃ እስከ አንድ ሰዓት ይበስላል። መደርደሪያ ላይ የከረመ ከሆነ ግን ከዚያ በላይ ይፈጃል፤ አንዳንዱም ጨርሶ አይለሰልስም። ስለዚህ ቶሎ ቶሎ ከሚሸጥበት ሱቅ ግዙ። ዋናው ጥንቃቄ እሳቱ ላይ ነው። አተሩ ከተንፈቀፈቀ ገለፈቱ ይፈነዳና ድስቱ ገንፎ ይሆናል። ዳር ዳሩ ላይ አልፎ አልፎ አረፋ ብቅ ሲል በቂ ነው። ጨው አተሩን ያደድረዋል የሚሉ ብዙ ናቸው፤ እኔ ግን መሃል ላይ እጨምራለሁ፤ ደድሮብኝም አያውቅም። የሚያደድረው ቲማቲም፣ ሎሚና ኮምጣጤ ነው፤ እነሱ ከበሰለ በኋላ ይምጡ።

መብሰሉን በአንድ ፍሬ አትፍረዱ። ከተለያየ የድስቱ ቦታ አራት አምስት ፍሬ አውጥታችሁ በምላሳችሁና በላንቃችሁ መሃል ጨፍልቋቸው። ጥርስ ሳያስፈልግ ከፈረሱ ደርሰዋል፤ አንዱ እንኳ እምቢ ካለ ቆዩ። ከደረሰ በኋላ አተሩን ከመረቁ አወጣና መረቁን እለካለሁ። ለ2 ኩባያ ረጅም ፍሬ ሩዝ 3 ኩባያ ተኩል መረቅ ይበቃል። ሩዙ ውሃው እስኪጠራ መታጠብ አለበት፤ መረቁ በራሱ ስታርች ያለው ስለሆነ ያልታጠበ ሩዝ ይያያዝበታል። በትንሽ ቅባት ደቅቆ የተከተፈ ሽንኩርት አቁላልቼ ሩዙን እዚያው አገላብጠዋለሁ፤ መረቁን አፈስበታለሁ። ሲፈላ እከድነዋለሁ፤ እሳቱን እስከ መጨረሻው ዝቅ አድርጌ 18 ደቂቃ እተወዋለሁ። ክዳኑን ለማየት ብሎ መክፈት እንፋሎቱን ማባከን ነው። ከእሳት ወርዶ እንደተከደነ ሌላ 10 ደቂቃ ይረፍ። ከዚያ አተሩንና የተፈለፈለውን ሥጋ በሹካ እያነሱ ማደባለቅ ነው። ማማሰያ ከገባ ሩዙ ይሰባበራል። የተረፈውን መረቅ ስታቀርቡ በጭልፋ ጣል አድርጉበት።

ቤት ውስጥ ለአንድ ቤተሰብ ሲሆን እንደ 1847ቱ ሁሉንም በአንድ ድስት መሥራት ይቻላል። ለብዙ ሰው ሲሆን ግን ለይቶ መለካቱን እመርጣለሁ፤ በትልቅ ድስት ውስጥ የቀረውን መረቅ በዓይን መገመት ያስቸግራል።

የሩዙም ነገር አለ። የጥንቱ ካሮላይና ጎልድ የሚባለው ሩዝ ከባርነቱ መጨረሻ በኋላ እያሽቆለቆለ ሄዶ፣ በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ አውሎ ነፋሱ ሲደራረብበት ለገበያ መመረቱ ቀርቶ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ ሪቻርድ ሹልዝ የተባሉ የሳቫና የዓይን ሐኪም ዘሩን ከመንግሥት የዘር ክምችት አግኝተው መልሰው ዘሩት። ዋጋው ውድ ነው። ገንዘቡ ካላችሁ አንድ ጊዜ ቅመሱት፤ ከሌላችሁ ግን ተራ ረጅም ፍሬ ሩዝ በጥሩ መረቅ ከበሰለ አያሳፍርም።

ጃንዋሪ 1 ለጥቁር አሜሪካውያን ከዕድል በላይ ነው። በባርነት ዘመን በዚያ ቀን ሰዎች ለሚቀጥለው ዓመት ይከራዩ ነበር፤ እናት ከልጇ የምትለይበት ቀን ነበር። በባርነት የኖረችው ሃሪየት ጄኮብስ እ.ኤ.አ. በ1861 ባሳተመችው የሕይወት ታሪኳ ውስጥ ይህንን ጽፋዋለች። በ1863 የፕሬዚዳንት ሊንከን የነጻነት አዋጅ የጸናው በዚያው ቀን ነው። በዋዜማው ሌሊት አዋጁን ሲጠባበቁ በጸሎት ያደሩት ሰዎች ሥርዓት እስከ ዛሬ አልተቋረጠም፤ በየዓመቱ ዲሴምበር 31 ሌሊት የጥቁሮች አብያተ ክርስቲያናት ተከፍተው ያድራሉ። ከዚያ የመጣ ሰው ጠዋት ቁጭ ብሎ የሚበላውን ምግብ የማበስል እኔ፣ አተሩን በግዴለሽነት ብቀቅለው ምን ይባላል?

እዚህ ያለነው ኢትዮጵያውያን ደግሞ የራሳችን ጉዳይ አለን። ጃንዋሪ 1 ታኅሣሥ 23 ገደማ ስለሚውል ለኦርቶዶክስ ምእመናን ሁልጊዜ በነቢያት ጾም ውስጥ ነው። የአሳማ ሥጋ ደግሞ ጾም ኖረም አልኖረ ኦርቶዶክሱም ሙስሊሙም አይበላውም። ለሙስሊሙ በሐላል የታረደ ቱርክ ዶሮ በጭስ የደረቀ ካገኘ በቂው ነው። አሳማን ትተው በቱርክ ዶሮ የሚሠሩ ጥቁር አሜሪካውያን ቤተሰቦችም ዛሬ ብዙ ስለሆኑ እንግዳ ነገር አይሆንም።

ለጾሙ እንዲህ አደርጋለሁ። አንድ ሽንኩርት ለሁለት ከፍዬ ዘይት በሌለው መጥበሻ ላይ ፊቱ እስኪጠቁር እተወዋለሁ። አንድ እፍኝ ደረቅ እንጉዳይ በሙቅ ውሃ እነክርና ውሃውን አጥልዬ ከነእንጉዳዩ ድስቱ ውስጥ እጨምራለሁ። አተሩ ከእነዚህ ጋር፣ ከነጭ ሽንኩርት፣ ከጦስኝ፣ ከቤይ ሊፍና በጭስ ከደረቀ ፓፕሪካ አንድ የሻይ ማንኪያ ጋር ይበስላል። ሥጋ ስለሌለበት ጨውና ዘይት ጠንከር ይበል። መረቁ ጥቁር ቡናማ ሆኖ ይወጣል፤ ሩዙም በዚያው ይበስላል። በጾም ለሚመጡ እንግዶቻችን የማቀርበው ይህንን ነው፤ አጠገቡም ጎመን። እዚህ አገር ያለን ሰዎች ለጎመን ወጥ የምንገዛው ኮላርድ ደቡቦቹ ለአዲስ ዓመት የሚቀቅሉት ያው ቅጠል ስለሆነ ገበያው አንድ ነው።

የእኛን የተፈጨ በርበሬ ጨምርበት የሚሉኝ ወዳጆች አሉ። በርበሬ ያለበት አተርና ሩዝ ጥሩ ምግብ ነው፤ እኔም ቤቴ ሠርቼ በልቻለሁ። ሆፒን ጆን ብዬ ግን አላቀርበውም። በርበሬ ሲገባ የአተሩ መረቅ አይሰማም፤ የምግቡ ነፍስ ደግሞ እሱ ነው።

የተረፈው በማግስቱ ሲበላ ስኪፒን ጄኒ ይባላል። እዚህ ላይ አጥብቄ የምናገረው አለ፤ በዓል ሲሆን ድስቱን ምድጃው ላይ አሳድሮ ጠዋት ማሞቅ ልማዳችን ነው። በሩዝ ላይ ይህንን አታድርጉ። ሩዝ ላይ ያለው ባክቴሪያ ዘሩ በመፍላት አይሞትም፤ ለብ ባለ ድስት ውስጥ ይራባል፤ የሚያወጣውም መርዝ ዳግም በማሞቅ አይጠፋም። እኛ ወጥ ቤት ውስጥ ሩዙን በሰፊ ትሪ ስስ አድርገን ዘርግተን፣ በ2 ሰዓት ውስጥ ወደ 21 ዲግሪ፣ ከዚያ በሚቀጥሉት 4 ሰዓታት ወደ 5 ዲግሪ እናወርደዋለን። ቤት ውስጥም ትሪና ፍሪጅ ይበቃል።

ጆርጂያ ዳርቻ ባለችው ሳፔሎ ደሴት ላይ የጉላ ጊቺ ማኅበረሰብ ይኖራል፤ የእነዚያ ሩዝ ያለሙት ሰዎች ዘሮች ናቸው። የደሴቲቱ ልጅ ኮርኔሊያ ዎከር ቤይሊ እ.ኤ.አ. በ2017 ከማረፏ በፊት የአያቶቿን ቀይ አተር ለገበያ ማምረት አስጀምራ ነበር፤ ዓላማዋ ሰዉ ከእርሻው ገቢ አግኝቶ መሬቱን ሳይለቅ እንዲኖር ነበር። ቀይ አተር ከብላክ አይድ ፒ የጠነከረ መረቅ ይሰጣል፤ የ1847ቱም አሠራር የተጻፈው በቀይ አተር ነው። በአትላንታም ሆነ በሌላ የደቡብ ከተማ ምግብ ቤት ያላችሁ ወገኖቼ፣ ሆፒን ጆን የምታቀርቡ ከሆነ አተሩን ከእነዚህ ገበሬዎች ለመግዛት ሞክሩ፤ በምግብ ዝርዝራችሁም ላይ የጉላ ጊቺ ምግብ መሆኑን ጻፉ።