«አንተማ ያለኸው ሀብታም አገር ነው» ለሚለን ዘመድ ምን እንመልስ?

አገር ቤት ካለ ዘመድ ጋር በስልክ ስንጫወት «እስራኤል ውስጥ አንድ ሰው በዓመት 50 ሺህ ዶላር ያገኛል አሉ፤ ታዲያ ለወንድምህ መላክ ምን ይከብድሃል?» መባላችን የተለመደ ነው። ይሉኝታ ይዞን ባንክ «ሚኑስ» ገብተን የምንልክ ጥቂት አይደለንም። ስለዚህ ቁጥሩ ከየት እንደመጣ ማወቅ ይጠቅመናል።

በዓለም ባንክ መረጃ መሠረት እ.ኤ.አ. በ2023 የእስራኤል አጠቃላይ የአገር ውስጥ ምርት ከ500 ቢሊዮን ዶላር በላይ ነበር። ይህ ከሕፃን እስከ አዛውንት ለ10 ሚሊዮን ገደማ ሕዝብ ሲካፈል ለአንድ ሰው ወደ 52 ሺህ ዶላር ይደርሳል። ነገር ግን ይህ በወረቀት ላይ የተካፈለ ሒሳብ እንጂ በእጅ የሚገባ ደመወዝ አይደለም። የኩባንያዎች ትርፍም በውስጡ አለ።

አማካይ ደመወዝም ያሳስታል። ከአሥር ሠራተኞች ዘጠኙ 6 ሺህ ሸቀል፣ አንዱ 60 ሺህ ሸቀል ቢያገኙ አማካዩ 11,400 ሸቀል ይሆናል። ዘጠኙ ግን ያንን ገንዘብ በዓይናቸው አላዩትም። ከሠራተኛው ግማሹ ከበላዩ፣ ግማሹ ከበታቹ የሚያገኝበት፣ በዕብራይስጥ «ሐጽዮን» የሚባለው ቁጥር ለእውነቱ ይቀርባል።

የምንዛሪ ዋጋም ሒሳቡን ይለውጠዋል። እ.ኤ.አ. በሐምሌ ወር 2024 የብር ዋጋ በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ፣ 57 ብር ገደማ የነበረው አንድ ዶላር በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር በላይ ሆነ። የገበሬው ጎተራ በአንድ ቁና አልጎደለም፤ ሀብቱ በዶላር ሲቆጠር ግን አነሰ።

እኛም ብንሆን እንሳሳታለን። ዘመዳችን «ግማሽ ሄክታር መሬት አለኝ» ሲለን አንድ ሄክታር 10 ዱናም ነውና 5 ዱናም አለው ማለት ነው። መለኪያው ሲለወጥ ስፋቱ አይለወጥም፤ የእስራኤልን የመሬት ዋጋ አስበን ሀብታም ነው ብንል ግን ትክክል አይሆንም።

ታዲያ ምን እናድርግ? ዶላሩን ትተን ኑሮን ከኑሮ ጋር እናወዳድር። ለዘመዳችን «በእጄ የሚገባው ይህን ያህል ነው፤ የቤት ኪራይ ለመክፈል ይህን ያህል ቀን እሠራለሁ፤ የሚተርፈኝ ይህ ነው» ብለን በግልጽ እንንገረው። እሱንም አንድ ኩንታል ጤፍ ለመግዛት ስንት ቀን እንደሚሠራ እንጠይቀው። ያኔ ሁለታችንም እንግባባለን፤ የምንልከውም አቅማችን የሚፈቅደውን ይሆናል።