ያውቁ ኖሯል? «ቼ በለው» ምንም ሳይጎድልበት ሲደመጥ

(ዓመቶቹ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ከኡራኤል ተነስቶ ካዛንቺስን ለሚያቋርጥ ሰው የማይርቀው ሂልተን ሆቴል የዋሊያስ ባንድ መድረክ ነበር። በደርግ ዘመን በነበረው የሰዓት እላፊ እኩለ ሌሊት ካለፈ ወደ ቤት መሄድ ስለማይቻል ሙዚቃው እስከ ንጋት ይቀጥል ነበር።

የባንዱን አልበም «ቼ በለው» በ1977 በሸክላ ያሳተመው ካይፋ ሪከርድስ ነው። ኃይሉ መርጊያ ኦርጋን፣ ሙላቱ አስታጥቄ በእንግድነት ቫይብራፎን ተጫውተውበታል። የግርማ በየነ ድርሰት «ሙዚቃዊ ስልት»ም እዚሁ ላይ ይገኛል።

የኃይሉን ሌላ አልበም «ሸሞንሟናዬ» አሜሪካዊው ብራያን ሺምኮዊትዝ ባሕር ዳር ውስጥ በካሴት አግኝቶ በ2013 ዳግም አሳተመው። «ቼ በለው» በ2014 ተከተለ።

ይህን ሙዚቃ የሚሰሙበት የፋይል ዓይነት ለውጥ ያመጣል። ሲዲ ላይ ድምፅ ለግራና ለቀኝ ለየብቻ በሴኮንድ 44,100 ጊዜ ተለክቶ ይመዘገባል። በዚህ ልክ የአራት ደቂቃ ሙዚቃ 42 ሜጋባይት ገደማ ይይዛል። የ128 ኪሎቢት ኤምፒ3 ያንኑ ወደ 4 ሜጋባይት ያወርደዋል፤ የሚያወርደውም ጆሮ አይለየውም ብሎ የገመተውን እየጣለ ነው። ሲምባል ከተመታ በኋላ ቀስ እያለ የሚጠፋው ረጅም ድምፅ ብዙ ጊዜ በዚህ መሀል ይደበዝዛል። እንደ «ቼ በለው» መሣሪያዎቹ ራሳቸው በሚናገሩበት አልበም ላይ ይህ ትልቅ ጉዳት ነው።

በ2001 ይፋ የሆነው ፍላክ የተባለው የድምፅ መጭመቂያ ስልትም ፋይሉን እስከ ግማሽ ገደማ ሊያሳንሰው ይችላል፤ ሲከፈት ግን አንዲት ቁጥር አትጎድልም።

ኤምፒ3ን ወደ ፍላክ መለወጥ የተጣለውን አይመልስም። ፋይሉን ብቻ ያሳብጠዋል።

ፍላክ የሸክላ ጭረት አያጸዳም። ቅጂው የተወሰደው ከተጫረ ሸክላ ከሆነ ጭርጭርታውም በታማኝነት አብሮ ይመጣል።

ሸክላ የራሱ ገደብም አለው። የሮክ ባንዱ የዴፍ ሌፐርድ ዝነኛ የግላም ሜታል አልበም «ሂስቴሪያ» (1987) ከ62 ደቂቃ በላይ ሆኖ ሳለ በአንድ ሸክላ ታትሟል። አንዱ ገጽ ብዙ ደቂቃ በያዘ ቁጥር መስመሮቹ ይጠጋጋሉ፣ ድምፁም ዝቅ ይላል። እንዲህ ያለውን አልበም ከሸክላው ይልቅ በፍላክ መስማት ይሻላል።

«ሙዚቃዊ ስልት»ን በባለገመድ ማዳመጫ ይክፈቱና መጀመሪያ ቤዙን ብቻ ይከተሉ። ያንኑ ሐረግ እየደጋገመ ሲጓዝ ኦርጋኑና ትንፋሽ መሣሪያዎቹ ከላዩ ይደረባሉ። የእያንዳንዱን ጣት አነሳስ ለይቶ መስማት እንዴት ያለ ደስታ ነው!

ባለገመድ ያልነው በምክንያት ነው፤ የተለመደው ብሉቱዝ ፍላኩን መንገድ ላይ እንደገና ይጨምቀዋል። በቴሌግራም በፋይል መልክ የተላከልዎ ግን እንደተላከ ይደርስዎታል።