የግቢን ዙሪያ ስለ መለካት

አንድ ሰው ግቢውን በሽቦ ለማጠር ባሰበ ጊዜ አስቀድሞ የሚጠይቀው ስንት ሜትር ይበቃል ብሎ ነው። ብዙ ሰው ይህነን ለሻጩ ይተወዋል፤ እኛ ግን ባለቤቱም፥ እመቤቲቱም፥ ትምህርት ቤት የሚሄዱት ልጆችም ራሳቸው ሊያውቁት ይገባል እንላለን፤ ሒሳቡ ቀላል ሲሆን ስሕተቱ ገንዘብ ያስወጣልና፥ ከጎረቤትም ጋራ ያጣላልና።

ማዕዘኖቹ የቀኑለት ቦታ ፊት ለፊት ያሉት ጎኖቹ እኩል ስለ ሆኑ፥ ርዝመቱንና ወርዱን ደምሮ በ2 ማባዛት ይበቃል። ርዝመቱ 25 ሜትር፥ ወርዱ 18 ሜትር ተኩል ቢሆን፥ ድምሩ 43 ሜትር ተኩል፥ ዙሪያውም 87 ሜትር ነው። ለበር 3 ሜትር ከ60 ሳንቲ ሜትር ቢተውለት 83 ሜትር ከ40 ይቀራል፤ ሽቦው አራት ረድፍ የሚሆን እንደ ሆነ 333 ሜትር ከ60 ሳንቲ ሜትር መግዛት ነው፤ ለመጠምዘዣ የሚሆነው ትርፍ ሳይቈጠር።

ሰውን የሚያሳስተው ግን መደመሩ ሳይሆን መለኪያውን መለወጡ ነው። 1 ሜትር 100 ሳንቲ ሜትር፥ 1 ሳንቲ ሜትር 10 ሚሊ ሜትር፥ 1 ኪሎ ሜትርም 1000 ሜትር ነው። እንግዲህ 18 ሜትር ተኩል በነጥብ ሲጻፍ 18.5 ነው። ይህነን አንድ ጸሐፊ 18 ሜትር ከ5 ሳንቲ ሜትር ብሎ በውል ወረቀት ላይ ያሰፈረው እንደ ሆነ፥ እርሱ 18.05 ነውና ከወርዱ 45 ሳንቲ ሜትር፥ ከዙሪያው 90 ሳንቲ ሜትር፥ ከስፋቱም 11 ካሬ ሜትር ከሩብ ጠፋ ማለት ነው። ስለዚህ ከመደመር በፊት ልኩን ሁሉ ወደ አንድ መለኪያ፥ ወይ ወደ ሜትር ወይ ወደ ሳንቲ ሜትር፥ መመለስ ያስፈልጋል።

አባቶቻችን በክንድና በስንዝር ሲለኩ ኖረዋል። ክንድ ከክርን እስከ መካከለኛው ጣት ጫፍ ስለ ሆነ እንደ ሰውየው ይረዝማል፥ ያጥራል፤ ሸማ ገዢ ረጅሙን ዘመዱን ይዞ ገበያ ቢወጣ አይፈረድበትም። ሜትር ግን የፈረንሳይ ሊቃውንት እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1791 ዓ.ም. ከሰሜን ዋልታ እስከ ምድር ወገብ ካለው ርቀት ከዐሥር ሚሊዮን አንዱ እጅ እንዲሆን ያሰቡት፥ በ1875ም 17 መንግሥታት በፓሪስ የተዋዋሉበት ነው፤ ከ1983 ወዲህ የተወሰነው በብርሃን ፍጥነት ነው።

ከሁሉ የሚከፋው ስሕተት በውርስ ጊዜ የሚመጣው ነው። ለአንዱ ወንድም ያ 25 በ18.5 የሆነው ግቢ፥ ለሌላው 35 በ8.5 የሆነ ቦታ ቢደርሰው፥ የሁለቱም ዙሪያ ያው 87 ሜትር ነው። ስፋቱ ግን የፊተኛው 462.5፥ የኋለኛው 297.5 ካሬ ሜትር ይሆናል። ታናሹ 165 ካሬ ሜትር ጎድሎበት ሳለ፥ ገመድ ይዘው ዙሪያውን የሄዱት ሽማግሎች እኩል አካፈልን ብለው ይመለሳሉ። ስለዚህ በድርሻ ወረቀት ላይ ዙሪያውና ስፋቱ ለየብቻ ይጻፍ። ስፋቱንም ወደ ካሬ ሳንቲ ሜትር የሚለውጥ ሰው ቢኖር፥ የሚያባዛው በ100 ሳይሆን በ10000 ነው።