የጆሮ መልስ

አራስ ሕፃን የመስማት ምርመራ የሚደረግለት ተኝቶ ነው። ጠብቶ፣ ጠግቦ እንቅልፍ ሲጥለው ጫፏ ለስላሳ የሆነች መሰኪያ ጆሮው ውስጥ እናስገባለን። በውስጧ ሁለት ትንንሽ ስፒከሮችና አንድ ማይክሮፎን አሉ። አንዱ ስፒከር 1640፣ ሌላው 2000 ኸርዝ አሰማ እንበል። ጤነኛ ጆሮ ሁለቱን ተቀብሎ ዝም አይልም፤ ማንም ያልላከለትን ሦስተኛ ድምፅ፣ 1280 ኸርዝ፣ ራሱ ሠርቶ ወደ ውጭ ይሰዳል። ማይክሮፎኑ የሚጠብቀው እሱን ነው። ካገኘው ማሽኑ «አልፏል» ይላል፤ እኛም ወደሚቀጥለው አልጋ እንሄዳለን።

ይህን የሚሠሩት በውስጠኛው ጆሮ የተደረደሩት ውጫዊ ፀጉራም ሕዋሳት ናቸው። በአንድ ጆሮ 12 ሺህ ገደማ ይሆናሉ። ድምፅ ሲደርሳቸው እየተኮማተሩና እየተለጠጡ ደካማውን ያጎሉታል፤ ከእንቅስቃሴያቸው ጥቂቱ ተመልሶ በጆሮ ቀዳዳ ይወጣል። እንግሊዛዊው ዴቪድ ኬምፕ ይህንን በማይክሮፎን ይዞ ያሳየው እ.ኤ.አ. በ1978 ነው። ሙዚቀኞች ግን ቀድመውታል። ጣሊያናዊው የቫዮሊን ሊቅ ጁሴፔ ታርቲኒ ሁለት ክሮችን አንድ ላይ ሲገዘግዝ ማንም ያልነካውን ሦስተኛ ድምፅ ሰምቶ፣ በ1754 ባሳተመው መጽሐፍ ጽፎበታል።

አሜሪካዊቷ የድምፅ ጥበብ ባለሙያ ማሪያን አማቸር (1938–2009) ደግሞ በዚሁ የጆሮ ጠባይ ላይ ሥራዋን ገነባች። በ1999 የወጣው «ሳውንድ ካራክተርስ» የተሰኘ አልበሟ ውስጥ አጫጭር፣ ቀጫጭን ድምፆች በፍጥነት እየተደጋገሙ ከስፒከሩ ይወጣሉ። ጥቂት ቆይቶ ሌላ ወፈር ያለ ዜማ ይመጣል፤ የሚመጣው ግን ከክፍሉ አይደለም፣ ከራስ ቅል ውስጥ ነው። ዲስኩ ላይ ፈልጋችሁ አታገኙትም። አድማጩ መሣሪያውም ተጫዋቹም ሆኖ ይቀመጣል። ችግሩ ይህ የሚሆነው ድምፁ ከፍ ሲል መሆኑ ነው፤ ኃይለኛ ድምፅ የሚገድላቸው እነዚያ ፀጉራም ሕዋሳት አንዴ ከሞቱ በሰው ጆሮ ውስጥ ዳግም አይበቅሉምና፣ በዚህ ሙያ ላይ ተቀምጬ «ከፍ አድርጋችሁ ስሙት» ለማለት አፌ አይደፍርም። ባጭሩ መስማት ግን ይቻላል።

አማቸርን ከሥራዬ ጋር የሚያገናኛት የሦስተኛው ድምፅ ነገር ነው። እኔና እሷ የምንጠይቀው ግን ለየቅል ነው። የእኔ ማሽን የሚጠይቀው ጆሮን ነው፤ እሷ የምትጠይቀው ሰውን። አንዲት አያት የልጅ ልጃቸው «አልፋለች» ሲባሉ፣ «ልጄ፣ ሰማች ነው የምትለኝ ወይስ ጆሮዋ ደህና ነው?» አሉኝ። «እማማ፣ ጆሮዋ መልሷል። መስማቷን እያደር እናየዋለን» አልኳቸው። ጥያቄያቸው የብዙ ሐኪሞችን ጥያቄ ያስንቃል። ፀጉራም ሕዋሳቱ በትክክል እየመለሱ ነርቩ መልእክቱን ለአንጎል የማያደርስበት ሁኔታ በእርግጥ አለ፤ እሱን ለማወቅ ጭንቅላት ላይ ሽቦ የሚለጠፍበት ሌላ ምርመራ ያስፈልጋል። ያም ቢሆን የሚነግረን የነርቩን ነገር ነው እንጂ ሕፃኗ ምን እንደሰማች አይደለም።

አዋቂዎችን ስመረምር ግን ሰውን ራሱን የሚጠይቀው የአማቸር ጥያቄ ይጠቅመኛል። የጆሮ ጩኸት አለብኝ ብሎ የሚመጣ ሰው የሚሰማው ድምፅ አብዛኛውን ጊዜ በማይክሮፎን አይያዝም፣ መነሻውም ከላይ ያወራሁት የፀጉራም ሕዋሳቱ መልስ አይደለም። ስለዚህ ሰውዬው ብዙ ቦታ «ምንም የለብህም» ተብሎ ተመልሷል። እኔ ግን የት ቦታ እንደሚሰማው፣ ምን ያህል እንደሚሰፋ፣ አንገቱን ሲያዞር አብሮት ይዞር እንደሆነ እጠይቀዋለሁ። በዋሽንግተን ዲሲ ለዓመታት ታክሲ የነዱ አንድ አባት «ከግራ ጆሮዬ ወጣ ብሎ ትከሻዬ ላይ የተቀመጠ ይመስለኛል፤ ቤት ስገባ ይጠባል» አሉኝ። ቅጹ ለዚህ ቦታ ስለሌለው ከግራፉ ግርጌ በእጄ ጻፍኩት። ባልደረባዬ «ይኼ ለኢንሹራንስ ምን ያደርግለታል?» ትላለች። እስካሁን ለእሱ የከፈለን የለም።