ቤትሽ ለሐራጅ ሳይቀርብ
አገር ቤት ለባንክ ብድር በመያዣነት የተሰጠ ቤት ካለሽና ክፍያው ከዘገየ፣ ባንኩ ፍርድ ቤት እስኪወስንለት አይጠብቅም። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ራሱ በሐራጅ መሸጥ ይችላል። ስለዚህ ቤተሰቦችሽ «እንዳትጨነቅ» ብለው ደብዳቤውን እንዳይደብቁሽ አስቀድመሽ አሳስቢያቸው።

ማስጠንቀቂያው እንደደረሰ ባንኩን የክፍያ ጊዜ እንዲያራዝም በጽሑፍ ጠይቂ። ገንዘብ ማጣት ብቻውን ሐራጁን አያስቆምም። ባንኩ የሐራጁን ሥርዓት ጥሶ ከጎዳሽ ግን በፍርድ ቤት ካሣ መጠየቅ ትችያለሽ።

ባልሽ የጋራ ቤታችሁን ያላንቺ ስምምነት አስይዞ ከሆነ ደግሞ፣ የተሻሻለው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግ የመያዣ ውሉ እንዲፈርስ ለፍርድ ቤት እንድታመለክቺ ይፈቅድልሻል። ማመልከቻው ባወቅሽ በ6 ወር፣ በማንኛውም ሁኔታ ውሉ ከተደረገ በ2 ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት። ክልሎች የራሳቸው የቤተሰብ ሕግ ስላላቸው ጠበቃ አማክሪ።

በስደት ሆነሽ ለመከራከር፣ በኤምባሲ ወይም በቆንስላ በኩል ለምታምኚው ሰው ውክልና ስጪ። ከመፈረምሽ በፊት ግን ቃል በቃል አስነብቢው፤ «መሸጥ» ወይም «ማስያዝ» የሚል ካለበት፣ ኋላ «አልተስማማሁም» ማለት ይከብድሻል።