ሚዛን የመጣበት ሠርግ

የሕንዱ ባለ ቅኔ ራቢንድራናት ታጎር እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1914 ዓ.ም. በጻፈው «አፓሪቺታ» በተባለው ታሪክ፥ ሻምቡናት ሴን የሚባል ሐኪም ልጁን ካልያኒን ሊድር በደገሰበት ሌሊት የሙሽራው አጎት አንጥረኛ ከነሚዛኑ አስከትሎ መጥቶ የሙሽራይቱ ወርቅ አስቀድሞ ይመዘን አለ። በዚያ ዘመን በቤንጋል ሠርግ ሲፈርስ ነውሩ በሴቲቱ ቤት ላይ ይቀር ነበርና፥ አባትዮው እምቢ ይላል ብሎ የጠረጠረ አልነበረም። እርሱም ወርቁን ሁሉ አምጥቶ አስመዘነ፤ ከተነገረውም በልጦ ተገኘ። ጥራቱ የጎደለው ከሙሽራው ቤት የመጣው ጉትቻ ብቻ ነበር። ከዚህ በኋላ እንግዶቹን አብልቶ፥ በወርቁ ላላመኑት ሰዎች ልጁን እንደማይሰጥ አስታውቆ አሰናበታቸው። ሳያበላ አለመስደዱን እኛ እጅግ እናደንቃለን። ከዓመታት በኋላ ሙሽራው ተጸጽቶ ቢለምን የአባትዮው ልብ ራራ፤ ካልያኒ ግን ሴቶች ልጆችን ለማስተማር ቆርጣ ነበርና አላገባም አለች።